ያልተነሣው እግድ

ጡረታ በወጣሁ በሁለተኛው ሳምንት ደብረ ማርቆስ ገበያ ሽንኩርት ስመርጥ አንዲት የሰፈራችን ልጅ ደረሰችብኝ። ከባሏ ጋር በፍቺ ጉዳይ ፍርድ ቤት ናቸው። «እትዬ ጥሩ፣ ባሌ ፓስፖርቴን ደብቆብኛል። ክሱ እስኪያልቅ አልሰጥሽም ይለኛል። መብት አለው?» አለችኝ። እዚያው ቆሜ ሩብ ሰዓት ያህል አስረዳኋት። ፓስፖርቱ የእሷ ነው፤ ባል በገዛ ሥልጣኑ ሊይዘው አይችልም። ከአገር እንዳትወጣ ማገድ የሚችለው ፍርድ ቤት ነው፤ እሱም በቂ ምክንያት ቀርቦለት፣ ያውም ጉዳዩ እስኪያልቅ ብቻ። ሽንኩርት ሻጯ እጇን አገጯ ላይ አድርጋ ስትሰማን ቆይታ፣ ስጨርስ «ለእኔም እህት እንዲህ የሚነግርልኝ ባገኝ» አለች። ቤቴ ስገባ ሽንኩርቱን ሳልገዛ እንደተመለስሁ አስተዋልሁ።

ሠላሳ ሦስት ዓመት በፍርድ ቤት ሠርቻለሁ። ዳኛ አልነበርሁም፤ ጠበቃም አልነበርሁም። ታይፒስት ሆኜ ገባሁ፤ የችሎት ጸሐፊ ሆንሁ፤ በሬጅስትራርነት ተሰናበትሁ። ሰው ፍርድ ቤት ሲባል ዳኛው ብቻ ነው የሚታየው። ዳኛው የተናገሩት ቃል ግን ወረቀት ላይ ካልሰፈረ፣ ማኅተም ካልተመታበት፣ ለሚመለከተው መሥሪያ ቤት ካልደረሰ ከችሎቱ በር አያልፍም። ያንን የምናደርሰው እኛ ነን። ደሞዛችን ትንሽ ነበር፤ ስለ እሱ ይህን ካልሁ ይበቃል።

የመጀመሪያ ምድቤ አምበር ከተማ ነበር። ያኔ የባልና ሚስት ክስ ማለት መሬት፣ በሬ፣ የጎተራ እህልና የቆርቆሮ ቤት ነው። ፓስፖርት የሚባል ቃል በአንድም መዝገብ ላይ መትቼ አላውቅም። የመጀመሪያው አለቃዬ እየተንጎራደዱ ቃል የሚያስጽፉ ዳኛ ነበሩ፤ ወደ መስኮቱ ሲሄዱ ድምፃቸው ይጠፋብኛል፣ ሲመለሱ ካቆምሁበት እቀጥላለሁ። ከመሃል የጎደለውን በራሴ ግምት እሞላ ነበር። አንድ ቀን አንብበውት «ይህንን እኔ ነኝ ያልሁት? ደህና ብያለሁ» አሉኝና ፈረሙ። እንዲህ ያለ ልማድ ይዤ ነው ወደ ደጀን የተዛወርሁት።

ደጀን ላይ ጋሼ አያሌው ተቀበሉኝ።

ጋሼ አያሌው የመዝገብ ቤቱ ኃላፊ ነበሩ። አጠር ያሉ፣ ቀጠን ያሉ ሰው ናቸው፤ የአውራ ጎዳናው የከባድ መኪና አቧራ ሌላውን ሁሉ ግራጫ ሲያደርገው የእሳቸው ጫማ ያብረቀርቃል። በልጅነታቸው ቅኔ ቤት ቆይተዋል፤ አንዲት ቃል ሳይመረምሩ የማያልፉት ከዚያ የመጣ ይመስለኛል። የገባሁ ዕለት የመታሁትን የመጀመሪያ ትእዛዝ አነበቡና «ይህች መስመር የማን ናት?» አሉኝ። ዳኛው ያላሉትን ሞልቼ ነበር። አልተቆጡኝም። ከመቀመጫቸው ተነሥተው ወደ ዳኛው ቢሮ ይዘውኝ ሄዱና «ክቡር ዳኛ፣ ይህቺ ልጅ አልሰማችዎትም፤ ይድገሙላት» አሉ። ከዚያ ወዲያ በግምት ጽፌ አላውቅም።

ልማዶቻቸውን ብዘረዝር አያልቅም፤ ሁለቱን ልንገራችሁ። አንደኛው፣ ማንኛውንም ትእዛዝ ለባለጉዳይ ሲሰጡ ቆመው ያነቡለታል፤ ከዚያም «እስቲ አሁን አንተ ንገረኝ» ይላሉ። ገበሬው በራሱ አነጋገር ካልደገመላቸው አያስፈርሙትም። ጊዜ ይፈጃል፤ እኛም እናጉረመርም ነበር። ነገር ግን ከእሳቸው እጅ ወረቀት የወሰደ ሰው ምን እንደታዘዘ ሳያውቅ የሄደበት ጊዜ የለም።

ሁለተኛው ልማዳቸው እግድ ላይ ነው። ፍርድ ቤት አንድን ነገር ሲያግድ፣ ማለትም ቤቱ እንዳይሸጥ፣ ሰውየው ከአገር እንዳይወጣ ሲያዝ፣ ደብዳቤ ይጻፋል። ጉዳዩ ሲያልቅ ደግሞ እግዱ መነሣቱን የሚገልጽ ሌላ ደብዳቤ መጻፍ አለበት። ጋሼ አያሌው ሁለቱን ደብዳቤዎች በአንድ ቀን ይጽፏቸዋል። የእግዱን ያስፈርሙና ይልካሉ፤ የማንሻውን ቀኑንና ቁጥሩን ባዶ ትተው በመዝገቡ የመጨረሻ ገጽ ላይ በመርፌ ይሰፉታል። «ክሱ ገና ሳይሰማ ማንሻ መጻፍ ምን ይባላል?» ብዬ ጠየቅኋቸው። «ዛሬ የታገደችው ሴት ፊቴ ቆማለች፤ ፊቷን እያየሁ እጽፋለሁ። መዝገቡ ሲዘጋ እሷ አትኖርም፤ እኔም ሌላ ሥራ ይዤ እረሳታለሁ» አሉኝ። ያን ጊዜ የሽማግሌ ጥንቃቄ መሰለኝ።

ልጃገረዶችና ሚስቶች ወደ ዓረብ አገር መሄድ የጀመሩት እኔ ደጀን ሳለሁ ነው። መንገዱ በደጃችን ስለሚያልፍ የፓስፖርት ጭቅጭቅም ወደ እኛ መጣ። አንዱ ሾፌር የሚስቱን ፓስፖርት በመኪናው ወንበር ሥር ደብቆ እስከ ሱዳን፣ እስከ ገዳሪፍ ድረስ ይዞት ይዞራል። ሌላዋ የልጆቿን ፓስፖርት ይዛ ስለተሸሸገች አባትየው ይከሳል። በአንድ መዝገብ ዳኛው የሁለት ልጆች ፓስፖርት ክርክሩ እስኪያልቅ በፍርድ ቤቱ ካዝና እንዲቀመጥ አዘዙ። ጋሼ አያሌው ፖስታው ላይ ፓስፖርቱ የሚያበቃበትን ቀን በፈረንጅም በሐበሻም ጻፉበት፤ ጽፈውም ዝም አላሉም። ክርክሩ ሲጓተት በየወሩ ካዝናውን እየከፈቱ ያዩታል። አንድ ቀን ችሎት ገብተው «ክቡር ዳኛ፣ መዝገቡ ሳያልቅ ፓስፖርቱ ሊያልቅ ነው። ያገድነው መውጣቱን እንጂ ፓስፖርት መኖሩን አይደለም» አሉ። ዳኛው ትንሽ አሰቡና ይታደስ አሉ። እናትየው በፓስፖርቱ ትጠፋለች ብሎ አባትየው ስለፈራ፣ ጋሼ አያሌው ራሳቸው ፖስታውን በደረት ኪሳቸው ይዘው፣ ከእናትና ከአባት ጋር በአውቶቡስ ዓባይን ተሻግረው አዲስ አበባ ሄዱ፤ አሳድሰው ወደ ካዝናው መለሱት። አበል አልተከፈላቸውም። እንደ እሳቸው ያለ የመንግሥት ሠራተኛ ከዚያ በኋላ አላየሁም፤ ይህንን ስናገር አላፍርም።

ከደጀን ወጥቼ ሬጅስትራር የሆንሁት በአንዲት ወረዳ ነው። የወረዳዋን ስም አልጠራም፤ ጥፋቱ የእኔ እንጂ የቦታዋ አይደለም።

እዚያ ሳለሁ እማማ አትጠገብ የሚባሉ የገጠር ሴት የፍቺ ማመልከቻ ይዘው መጡ። ሃምሳውን ያለፉ፣ ቀጥ ብለው የሚሄዱ ሴት ነበሩ። ከባላቸው ከአቶ ስንሻው ጋር ልጆች ወልደው፣ አርሰው፣ አርብተው ኖረዋል። ጸባቸው አንድ ነገር ነው፤ እማማ አትጠገብ ለፋሲካ ኢየሩሳሌም ሄደው የጌታን መቃብር ሊያዩ ተስለዋል፣ አቶ ስንሻው ደግሞ እምቢ ብለዋል። ዳኛው «በዚህ ትዳር ይፈርሳል ወይ?» ብለው ሲጠይቋቸው እማማ አትጠገብ ያሉት እስካሁን ጆሮዬ ላይ አለ። «ጌታዬ፣ ዕድሜዬን ሙሉ ለእሱ ፋሲካ ዶሮ ስገነጥል ኖሬያለሁ። አንድ ፋሲካ ለራሴ ቢሆን ምን አለበት?»

አቶ ስንሻውም በበኩላቸው ማመልከቻ አስገቡ። ላሞቹን ሸጣ ትሄዳለች፣ በዚያው ትቀራለች፣ ስለዚህ ንብረቱ እስኪጣራ ፓስፖርት እንዳይሰጣት፣ ከአገርም እንዳትወጣ ይታገድልኝ አሉ። ፍርድ ቤቱ ፈቀደ። የእግዱን ደብዳቤ የጻፍሁት እኔ ነኝ። ችሎቱ በባለጉዳይ ተጨናንቆ ነበርና ማንሻውን አብሬ አልጻፍሁም። ነገ እጽፈዋለሁ ብዬ ተውሁት።

የማሰቢያ ጊዜ ተሰጣቸውና በቀጠሯቸው ቀን ሲመለሱ ብቻቸውን አልነበሩም። ሦስት ሽማግሌዎችና የንስሐ አባታቸው አብረዋቸው ነበሩ። ታርቀዋል። የእርቁ ውል እማማ አትጠገብ የመጨረሻዋን ልጃቸውን እስኪድሩ ሊቆዩ፣ ከዚያ በኋላ አቶ ስንሻው በምርቃት ሊሸኟቸው ነው። ሁለቱም መስቀል መትተው ያለፈውን ነገር ዳግመኛ በአፋቸው ላያነሡት ምለዋል። ዳኛው ደስ አላቸው፤ መዝገቡ በእርቅ ተዘግቷል አሉ። ችሎት ውስጥ የነበሩት ሴቶች እልል አሉ፤ እኔም አልሁ።

ሰዎቹ ሊወጡ ሲሉ እግዱ ትዝ አለኝ። «ቆዩ እስቲ፣ ያ አቶ ስንሻው ያሳገዱት ነገር…» ብዬ ጀመርሁ። ትልቁ ሽማግሌ እጃቸውን አንሥተው አስቆሙኝ። «ተይ ልጄ። ያለፈው እንዳይነሣ መሐላ አለ። በደስታቸው ቀን አታስታውሻቸው» አሉኝ። አፈርሁ። አንገቴን ደፍቼ ይቅርታ ጠየቅሁ። እግዱን ለማንሣት የእነሱ መኖር እንኳ አያስፈልግም ነበር፤ ዳኛውን አንድ መስመር ማስጨመርና ደብዳቤ መላክ ብቻ ነው። ግን ነውር የሠራሁ ያህል ስለተሰማኝ መዝገቡን በዚያው ስሜት ጠርዤ መደርደሪያ ላይ ሰቀልሁት። በሁለተኛው ወር ወደ ደብረ ማርቆስ ተዛወርሁ።

ሰባት ዓመት አለፈ። በዐቢይ ጾም፣ ከደብረ ዘይት እሑድ በኋላ ይመስለኛል፣ አንዲት ነጭ የለበሱ እናት ግድግዳ እየዳበሱ ቢሮዬ ገቡ። ድምፃቸውን ስሰማ አወቅኋቸው። ልጃቸውን ድረዋል። አቶ ስንሻውም ቃላቸውን ጠብቀው መርቀዋቸዋል። ከተሳላሚዎች ማኅበር ጋር ተመዝግበው ፓስፖርት ሊያወጡ ቢሄዱ፣ ከፍርድ ቤት የመጣ ደብዳቤ አለብዎት ተብለው ተመልሰዋል። የደብዳቤው ግልባጭ ላይ የእኔ ስም ስላለ አፈላልገው መጡ።

«ደብዳቤው ስለ ምንድን ነው አሉዎት?» አልኋቸው፤ እያወቅሁት።

«እሱን እኔ መናገር አይቻለኝም» አሉ። «ምያለሁ። አንቺ ግን ታውቂው ይሆናል።»

«እማማ፣ ዓይንዎ ምን ሆነ?»

«እየሄደ ነው። ሐኪሙ የጠፋው አይመለስም፣ የቀረውም ቶሎ ይሄዳል ብሎኛል። አሁን ጥላ ጥላውን አያለሁ፤ ቀን ሲሆን የሰው ፊትም አያለሁ። ለዚህ ነው የቸኮልሁት ልጄ። ብርሃኑ ሳለልኝ ልየው ብዬ ነው። አሥራ አምስት ቀን ነው የቀረን።»

እስከ በሩ ሸኘኋቸው። ከቢሮ ወጥቼ በቀጥታ ጋሼ አያሌው ቤት ሄድሁ። ጡረታ ወጥተው ደብረ ማርቆስ ነበር የሚኖሩት፤ ጓሯቸው ውስጥ ጌሾ ሲመለምሉ አገኘኋቸው። ነገሩን ከነሽማግሌው፣ ከነእልልታው ነገርኋቸው። መቁረጫውን አስቀምጠው «ማንሻውን ጽፈሽው ነበር?» አሉኝ።

«አልጻፍሁም።»

መቁረጫውን መልሰው አነሡና አንድ ቅርንጫፍ ቆረጡ። ቢቆጡኝ ይሻለኝ ነበር።

«አሁን እሳቸው ያመልክቱ ቢባሉ መሐላቸውን ሊያፈርሱ ነው» አልሁ። «ባላቸውም እንደዚያው። ማን ማመልከቻ ያስገባል?»

«እነሱ ናቸው የማሉት» አሉኝ ጋሼ አያሌው። «አንቺ አልማልሽም። አንቺ አንሺው። መዝገብ ቤቱ ረሳ ብለሽ እንዳትጽፊ፤ መዝገብ ቤት አይረሳም። በስምሽ ጻፊ።»

በማግስቱ ፈቃድ ወስጄ ወደዚያች ወረዳ ሄድሁ። መዝገቡን ለማግኘት ሁለት ቀን ፈጀ፤ የተዘጉት መዛግብት መጋዘን ተዛውረው፣ ዓመታቸው ተደበላልቆ፣ አይጥ ጫፍ ጫፋቸውን በልቷቸው ነበር። ዳኛው ደግሞ ለስብሰባ ወጥተው ሦስት ቀን ጠበቅኋቸው። ማመልከቻዬን በስሜ ጻፍሁ፤ መዝገቡ በእርቅ ሲዘጋ እግዱን ማስነሣት ሲገባኝ ያላስነሣሁት እኔ ነኝ፣ ባለጉዳዮቹ ምንም ጥፋት የለባቸውም፣ አልሁ። ዳኛው ሁለት ጊዜ አንብበው ቀና ብለው አዩኝ፤ «ይህ ከግል ማኅደርሽ ጋር እንደሚያያዝ ታውቂያለሽ?» አሉኝ። አውቃለሁ አልኋቸው። እግዱ የተነሣበትን ደብዳቤ ይዤ እኔው ራሴ አዲስ አበባ ለፓስፖርት መሥሪያ ቤቱ አደረስሁ። ማስጠንቀቂያ ተጻፈብኝ፤ የዚያ ዓመት የደሞዝ እርከን ጭማሪም አለፈኝ። የሚገባኝ ነበር።

ፓስፖርቱ ግን ወረፋ አለው። ተሳላሚዎቹ ለሆሣዕና ለመድረስ ሲሄዱ የእማማ አትጠገብ አልደረሰም ነበር። ለመንገር ቤታቸው ድረስ ሄድሁ። «እማማ፣ ዘንድሮ አልደረሰም። ያስቀረሁዎት እኔ ነኝ፤ ያኔ መጻፍ የነበረብኝን ሳልጽፍ ቀርቼ ነው» አልኋቸው። ነጠላቸውን አስተካከሉ። ምንም አልመለሱልኝም። ቆሜ ቆሜ ስወጣ አቶ ስንሻው እስከ አጥሩ በር ሸኙኝ።

በመስከረም አቶ ስንሻው ብቻቸውን ቢሮዬ መጡ። ባርኔጣቸውን አውልቀው ወንበር ላይ ተቀመጡ።

«የእሷ ፓስፖርት ወጣ» አሉኝ። «ዓይኗ ግን ሄደ። ከነሐሴ ወዲህ ጨርሶ አታይም።»

ባርኔጣቸውን ጉልበታቸው ላይ አስቀመጡ።

«ለእኔም ማውጣት እፈልጋለሁ። ብቻዋን አትሄድም። ምን ምን ነው የሚያስፈልገኝ? ሰው ከልክለህ ታውቃለህ ወይ ብለው ይጠይቁኛል እንዴ?»

«አይጠይቁዎትም» አልኋቸው። ቅጹን አብሬያቸው ሞላሁ፤ ጨርሼም ቆሜ አነበብሁላቸውና በአፋቸው አስደገምኋቸው።

በሚቀጥለው ዓመት ከዳግማይ ትንሣኤ በኋላ ሁለቱም ቢሮዬ መጡ። አቶ ስንሻው የዱላቸውን አንድ ጫፍ ይዘዋል፣ እማማ አትጠገብ ሌላውን። ሁለቱን አስቀመጥኋቸው። አቶ ስንሻው እኔ ከማውቃቸው የበለጠ ተናጋሪ ሆነዋል። የመቃብሩ በር ዝቅ ያለ ነው፣ ጎንበስ ተብሎ ይገባል፣ ውስጡ ይሞቃል፣ ደንጊያው በሰው እጅ ብዛት ለስልሷል እያሉ ይነግሩኛል። እያንዳንዱን ደረጃ፣ እያንዳንዱን መብራት ለሚስታቸው ሲነግሩ ነው የከረሙት። ወረፋ ሲጠብቁ እንኳ ፊታቸው ያለውን ሰው ልብስ ይነግሯቸው ነበር።

«ዕድሜውን ሙሉ ቤት ውስጥ ያላወራውን እዚያ አወራው» አሉ እማማ አትጠገብ። «አንዳንዱን ከራሱም ሳይጨምርበት አልቀረም። ደንጊያውን ግን ዳስሼዋለሁ፤ ለስላሳነቱ እውነት ነው።»

ከዚያ እጃቸውን ዘረጉ። ጠጋ አልሁ። ፊቴን በመዳፋቸው ዳሰሱት፤ ግንባሬን፣ ጉንጬን። እንባዬን አገኙት፣ ጠረጉት።

«ያን ዕለት ያልመለስሁልሽ ተቀይሜሽ ነው» አሉኝ። «አልተቀየምሁም ብል ሐሰት ነው። ዓመቱን ሙሉ ስምሽ ሲነሣ ሆዴ ይቆጣ ነበር። እዚያ ስደርስ ግን እንዲህ ሆኜ መግባት ፈራሁ። እጄን ደንጊያው ላይ አድርጌ የልጆቼን ስም ጠራሁ፣ የሞቱትን ጠራሁ፣ በመጨረሻ አንቺን ልጠራ አልሁና የክርስትና ስምሽን አላውቀውም። ምን ብዬ ልጥራሽ? የመዝገብ ቤቷን ሴት፣ አልሁት። ያውቅሻል ብዬ ነው።»

ከዚያ ወደ እኔ ጎንበስ ብለው ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ።

«ቤቴ ስገባ በጸሎቴ በደንብ እንድጠራሽ ስምሽን ንገሪኝ» አሉ።

«ወለተ ሚካኤል» አልኋቸው።